የእናታችን ከንፈር

የወንድሜን ሥራ ጎጃም ላለችው አገራችን ለአማኑኤል ሰው ማስረዳት ያስቸግረኝ ነበር። "ሙዚቀኛ ነው" ስል፣ "ውይ፣ አዝማሪ ሆነ?" ይሉኛል። "አይደለም፣ ለፊልም ሙዚቃ ይሠራል" ስል ደግሞ፣ "ፊልም ሙዚቃ ምን ያደርግለታል?" ይሉኛል። እሱ ራሱ ሲመጣ አያስረዳም። ይስቃል። እኔ አዲስ አበባ አብሬው ስለኖርኩ፣ ሲሠራም አጠገቡ ስለተቀመጥኩ፣ የሆነውን ልጻፍ ብዬ ነው።

ስሙ እንዳላማው ነው። ሦስት ነበርን። እሱ ታላቅ፣ ታረቀኝ መካከለኛ፣ እኔ ሽታዬ ታናሽ። አባታችን ቶሎ ስለሞተ መሬቱን ለእኩል አራሽ እየሰጠች ያሳደገችን እናታችን የብርጓል ናት። በአማኑኤል ዙሪያ ሰርግ የሚደግስ ሰው ጠላ ሳይጠነስስ በፊት እሷን ነበር የሚጠራው። ሙሽራዋን በዘፈን የምታስለቅሰው እሷ፣ ሚዜውን የምትሰድበው እሷ። የተሰደበው ሚዜ ራሱ ስቆ ይሸልማታል።

እንዳላማው ጆሮው የእሷ ነው። ደብረ ማርቆስ ተማሪ ቤት ሳለ ጥሩምባ መንፋት ጀመረ። ከዚያ አዲስ አበባ ሄዶ የወታደር ሙዚቃ ክፍል ተቀጠረ። እዚያ አንድ የውጭ አገር መምህር ሳክስፎን አስያዘው፤ ጃዝ የሚባለውን ያስተማረውም እሱ ነው። ቆይተው ጎበዝ ሆኖ ስላገኙት ለትምህርት ባሕር ማዶ ላኩት። ጃዝ ምንድን ነው ብዬ ብጠይቀው፣ "ሽታ፣ እማዬ ሰርግ ላይ ተቀባዮቹ ሲሳሳቱባት ስህተቱን ይዛ ሌላ ዜማ ታወጣበት የለም? እሱ ነው" አለኝ። እኔም ሰው ሲጠይቀኝ እንደዚያ ነው የምለው።

እሱ ባሕር ማዶ ሳለ ታረቀኝ ሞተ። ነሐሴ ላይ ከብት አሻግራለሁ ብሎ ጨሞጋ ውስጥ ገባ፣ ወንዙ ወሰደው። እናታችን ጸጉሯን ተላጨች፣ ቀሚሷንም ነጠላዋንም ጥቁር አስነከረች። ሐዘን ሁሉም ቤት ይገባል። ሰው ዓመት ይቀመጥና ሙት ዓመቱን አውጥቶ ጥቁሩን ያወልቃል። እሷ አላወለቀችም። ሰርግ አትሄድም፣ እልል አትልም፣ ጥጥ ስትፈትል እንኳ ማንጎራጎር ተወች። ዘመድ ሲለምናት፣ "ልጄ ውሃ ውስጥ ሆኖ አፌን ልክፈት?" ትላለች። አገሩም አከበረላት። ድሮ በዘፈኗ ትጠራ የነበረች ሴት በሐዘኗ ተጠራች። "የብርጓል ሐዘን ታውቃለች" ይላሉ።

እንዳላማው ከባሕር ማዶ እንደተመለሰ ሳክስፎኑን ተሸክሞ እናታችን ዘንድ ሄደ። ሳጥኑን ከፍቶ ሲያወጣው እጇን አነሳች።

"ምንድን ነው ይሄ?"

"የምነፋው ነው እማዬ። አንድ ጊዜ ላሰማሽ።"

"ይቅር ልጄ። የወንድምህ ሐዘን ቤት ነው።"

"ቀስ ብዬ ነው። ከደጅ አይሰማም።"

"ታረቀኝ ሰምቶታል? አልሰማውም። እንግዲያስ እኔም አልሰማውም።" ሳጥኑን ራሷ ዘጋችው። ፊቱን ስታይ ደግሞ አሳዘናት መሰለኝ፣ "መልኩ ግን ያምራል፤ የጠላ ማንቆርቆሪያ ይመስላል" አለችው።

ሳቀ። ግን አንጀቱን እንደቆረጠው አውቃለሁ። ያ ሁሉ ትምህርት ለማን ነበርና።

አዲስ አበባ ተመልሶ ሆቴል ቤት ሲጫወት ከቆየ በኋላ ፊልም የሚያዘጋጅ መሥሪያ ቤት ተቀጠረ። እኔንም ያኔ ነው የወሰደኝ። ቀን ቤቱን እይዛለሁ፣ ማታ ማታ እማራለሁ። ፊልሙ የተረት አልነበረም፣ የእውነት ነው። መንገድ ሲጠረግ፣ ላም ስትከተብ፣ ድልድይ ሲመረቅ። ካሜራቸው ሥዕል እንጂ ድምፅ አያነሳም። ሥዕሉ ባሕር ማዶ ሄዶ ታጥቦ ይመጣል፣ ሲመጣ ዲዳ ነው። እንዳላማው ግድግዳው ላይ እያስኬደ፣ ሰዓት በእጁ ይዞ፣ እዚህ ጋ ክላርኔት፣ እዚያ ጋ ከበሮ እያለ ድምፅ ያበጅለታል። አለቃው ማርሽ የሚባለውን የወታደር ሰልፍ ሙዚቃ ይወዳሉ። ለሁሉም ማርሽ። አንድ ቀን እንዳላማው፣ "ጌታዬ፣ ላሟ እኮ መርፌውን ፈርታለች፤ እንዴት ማርሽ ይገባላታል?" ብሏቸው አንድ ሳምንት ኮርፈውታል። እሱ ሥራውን ይወደው ነበር። "የሰው ፊት አይቼ የምመልስበት ሥራ ነው" ይለኝ ነበር።

እናታችን በሃምሳ ስምንት ዓመተ ምሕረት ሰኔ ላይ ሞተች። ጥቁሯን እንደለበሰች ነው የሞተችው። ቀብረን፣ አርባዋን አውጥተን አዲስ አበባ ተመለስን። እንዳላማው ጸጉሩን ተላጭቶ ጥቁር ከረባት አድርጎ ሥራ ገባ።

ጥቅምት ላይ አንድ ቀን ለምሳ መጣና አልበላም። "ሽታ፣ ጫማሽን አድርጊ" አለኝ። መሥሪያ ቤቱ ወሰደኝ። ጥቁር መጋረጃ ያለበት ክፍል ውስጥ አስቀመጠኝና የፊልም ማሳያውን መኪና አስነሳ።

ስለ ጎጃም ገበሬ የተነሳ ፊልም ነው። ያነሳው ድረስ የሚባል የመሥሪያ ቤቱ ልጅ ነው፤ ያለፈው ጥር ሄዶ ነበር፣ ታጥቦ መምጣቱ ዘግይቶ ነው። እርሻ አሳየ፣ አውድማ አሳየ። ከዚያ ጥላ ሥር ተቀምጠው ጥጥ የሚፈትሉ ሴቶች መጡ። መሐላቸው ጥቁር የለበሰች አለች። ካሜራው ወደ እሷ ቀረበ። ፊቷ ግድግዳውን ሞላው።

እማዬ ናት። እንዝርቷን ይዛ፣ ዓይኗን ወደ እኛ አድርጋ። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል።

እጄን አፌ ላይ ጫንኩ። ወንድሜ፣ "እየዘፈነች ነው" አለ።

"እማዬ አትዘፍንም።"

"አፏን እይ እንጂ!"

አየሁ። ይከፈታል፣ ይዘጋል፣ ጭንቅላቷም ትንሽ ይወዛወዛል። ዘፈን ነው። ለቅሶዬን መቆጣጠር አቃተኝ። በአንድ በኩል አየኋት። በሌላ በኩል ደግሞ ያ ሁሉ ዓመት የጠበቀችውን ለማታውቀው ሰው ካሜራ ብላ ሰበረችው ማለት ነው። ለልጇ ያልሰጠችውን።

ድረስን ጠየቅነው። ልጁ ተጨነቀ። "በእግዜር! እናትህ መሆናቸውን ባውቅ እግራቸውን እስም ነበር። እኔ ሴቶቹን ዝፈኑ አልኳቸው፣ ዘፈኑ። ምን እንደዘፈኑ ግን አትጠይቀኝ፤ የካሜራው መኪና ጆሮዬ ሥር እንደ ወፍጮ ነው የሚጮኸው።"

ከዚያ ቀን ጀምሮ እንዳላማው ሌላ ሥራ ጠፋው። ዘፈኑን አገኘዋለሁ አለ። የእናቱን ድምፅ አፏ ላይ መልሶ ሊያኖርላት ነው። እኔን ከጎኑ ያስቀምጥና የማውቃቸውን ዘፈኖቿን ሁሉ ያዘፍነኛል፣ እሱ ከንፈሯን ያያል። ከንፈሯ ገጠመ ስንል ዜማው ይሸሻል። "በቃ ጋሼ፣ ደከመኝ" ስለው፣ "አንድ ብቻ፣ ያቺን የሙሽራዋን" ይላል። አንዱም አልገጠመም።

በመጨረሻ አለቃውን አስፈቅዶ አማኑኤል ሄድን። ጎረቤታችን እትዬ ወለተ ኢየሱስ ያን ቀን ከእማዬ ጎን ተቀምጠው ሲፈትሉ የነበሩ ናቸው። ገና ጥያቄውን ሳይጨርስ ሳቃቸው መጣ፤ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ።

"ምን ዘፈነች ነው የምትለኝ? ምንም አልዘፈነች!"

"እትዬ፣ በዓይኔ አይቻለሁ። አፏ ይንቀሳቀሳል።"

"ይንቀሳቀሳላ። ያ ልጅ መጣና ዝፈኑ አለን። እኛ ዘፈንን። 'እማማ እርስዎም' አላት። 'ሐዘን ላይ ነኝ ልጄ' አለችው። ለመናት፣ በማርያም አላት። የሰው አገር ልጅ ነው፣ መንግሥት ልኮት ነው፣ ፀሐይ መቶታል። እምቢ ልትለው ከበዳት። በኋላ፣ 'ይሄ መኪና ድምፅ አይሰማም፣ አፍዎን ብቻ ያንቀሳቅሱልኝ' አላት። 'ድምፅ የማይሰማ ከሆነ ግድ የለም' አለች። እንግዳውም አላፈረ፣ ሐዘኗንም አልበላች። አፏን ብቻ አንቀሳቀሰችለት።"

እንዳላማው ጠጋ አለ። "ምን እያለች ነው ታዲያ?"

"እኔም ጠይቄያታለሁ። 'የላሞቹን ስም ጠራኋ' አለችኝ። ሻሺት፣ ቡሪት፣ ዳልቺት እያለች! ታረቀኝ ከሞተ ወዲህ ስትስቅ ያየኋት ያኔ ነው።"

እኔም ሳቅኩ፣ አለቀስኩም። እንዳላማው ግን፣ "እንግዲያስ ድምፅ አይገባበትም" አለ።

አዲስ አበባ ስንመለስ ለአለቃው ነገራቸው። እዚያ ቦታ ላይ ዘፈን አይግባ፣ ወይም ሥዕሉ ይቆረጥ አላቸው። ከሥራ ሲመጣ እንዲህ ብሎ ነገረኝ፤ "ከፊልሙ ሁሉ የሚያምረው ፊት የእሷ ነው፣ እንዴት ይቆረጣል? ደግሞ አፍ እየተንቀሳቀሰ ድምፅ ከሌለ ሰው መኪናው ተበላሸ ይላል አሉኝ።" ብዙ ተከራከሩ። በመጨረሻ ሳክስፎን ብቻ ይሁን፣ የሰው ድምፅ አይግባበት በሚለው ተስማሙ።

ሲቀርጽ ነበርኩ። የእማዬ ፊት ግድግዳው ላይ ነው፤ እሱ ፊት ለፊቷ ቆሟል። ከንፈሯ ሲዘጋ ይነፋል፣ ሲከፈት ያቆማል። እሷ እንድትናገር ቦታ የሚለቅላት ይመስል ነበር። ስለ ሙዚቃ የማውቀው የለኝም፤ ያን ግን ሌላ ቀን አልሰማሁም። ሲጨርስ አፉን በመሐረብ ጠርጎ፣ "ሰምታኝ ይሆን?" አለኝ። "ሰምታለች ጋሼ" አልኩት።

ፊልሙ መጀመሪያ የሚታየው ደብረ ማርቆስ ነው ተባለ፤ ፋሲካ ካለፈ በኋላ፣ ትልልቅ ሰዎች ባሉበት አዳራሽ። እንዳላማው ደስ አለው። አማኑኤል ሰው ልኮ እትዬ ወለተ ኢየሱስንና የመንደሩን ሴቶች በጭነት መኪና አስመጣቸው። "የብርጓልን ታዩአታላችሁ" አላቸው። ሴቶቹ ታጥበው፣ ነጫጫቸውን ለብሰው መጡ። ቀን ነው፤ መስኮቱን ሁሉ በብርድ ልብስ ሸፈኑት።

እርሻው መጣ፣ አውድማው መጣ። ማርሹ አለ። ከዚያ ሴቶቹ መጡ። እትዬ ወለተ ኢየሱስ፣ "ያቺትና! ያቺትና!" አሉ። የእማዬ ፊት ቀረበ። እኔ ሳክስፎኑን እጠብቃለሁ።

ዘፈን ወጣ። ቀጭን፣ የልጃገረድ ድምፅ፣ የሰርግ ዘፈን፣ ከእልልታ ጋር። በኋላ እንደሰማነው እንዳላማው ሌላ ሥራ ላይ ሳለ አለቃው አንዲት ዘፋኝ ቀጥረው አስገብተውበት ነው። ልጅቷም ጎበዝ ናት፤ አፏን ከእማዬ አፍ ጋር አጋጥማዋለች። ጥቁር የለበሰችው እናቴ አዳራሽ ሙሉ ሰው ፊት እልል አለች።

ከኋላ አንዲት ሴት፣ "ኧረ ጉድ! በልጇ ሐዘን?" አለች።

"የብርጓል ናት እንዴ?"

"እሷው ናት። እኛ ሐዘን ታውቃለች እንላለን፣ እሷ ለመንግሥት ትዘፍናለች!"

እንዳላማው ተነሳ። ወደ ፊት ሮጠ። ጥላው የእማዬ ፊት ላይ አረፈ። "እሷ አይደለችም! ድምፁ የእሷ አይደለም! እናቴ አልዘፈነችም!" ይላል። ፊተኞቹ፣ "ቁጭ በል! ሰካራም!" ይሉታል፣ ከኋላ ይስቃሉ። ሁለት ፖሊሶች በብብቱ ይዘው አወጡት። እሱ ሲወጣም ዘፈኑ አላለቀም ነበር።

በዚያው ከሥራው ተባረረ። አቤት ቢልም የሰማው የለም። ያ ፊልም ግን አልቆመም። መሥሪያ ቤቱ በመኪና ጭኖ በየገበያው ያሳየው ጀመር። ደምበጫ፣ አማኑኤል፣ እስከ ደብረ ወርቅ። ወንድሜም ከኋላው ይከተላል። መኪናው በሚቆምበት ሁሉ ቆሞ፣ "ድምፁ የሌላ ሴት ነው" ይላል። ሰው፣ "በዓይናችን አየን፣ በጆሯችን ሰማን፣ አንተ ማን ነህ?" ይለዋል። "ልጇ ነኝ" ሲል፣ "ልጅማ እንዲህ ይላል" ይላሉ። እትዬ ወለተ ኢየሱስ ደምበጫ ድረስ አብረውት ሄደው መሰከሩለት። "ጎረቤቷ ናት፣ ትሸፍንላታለች" ተባሉ። እኔም አማኑኤል ተመልሼ ውሃ ልቀዳ ስሄድ፣ "የዘፋኟ ልጅ መጣች" ይሉኛል።

ሰኔ ላይ ሙት ዓመቷ ደረሰ። ደገስን። ዳሱ ሰፊ ነበር፣ ሰዉ ግን ጥጉን አልሞላም። ካህናቱ፣ ዘመድ፣ እትዬ ወለተ ኢየሱስ። የቀረው ሁሉ ምክንያት አለው፤ ወይ አሞታል፣ ወይ በሬው ጠፍቶበታል። ከፍታቱ በኋላ ሽማግሌዎች እንዳላማው ፊት ቆሙ።

"በል ልጄ፣ ዓመት ሞላ። ጥቁሩን አውልቅ።"

"አላወልቅም።"

"የእናትህን ሐዘን ጨርሰሃል።"

"የእሷን ጨርሻለሁ። እሷ ለታረቀኝ ያዘነችው ግን ተበላባት። እሱን እኔ እንደገና ከመጀመሪያው አዝንላታለሁ።"

"ስንት ዓመት?"

"እሷ በጥቁር የኖረችውን ያህል።"

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። አንዱ፣ "እንጀራህስ? የምትነፋው?" አሉት።

"ሐዘን ቤት ይነፋል እንዴ?" አለ።

እንዲህ ነው መንፋቱ የቀረው። ደብረ ማርቆስ ቤት ተከራየን። አብዱልቃኒ የሚባል ነጋዴ ነበር፤ ጨርቅና ሬዲዮ ይሸጣል። የወንድሜን ነገር ሰምቶ ራሱ መጣና፣ "ሬዲዮ መጠገን ትችላለህ?" አለው።

"እሞክራለሁ።"

"ከሞከርክ ይበቃል። እኔ ለመሸጥም ሞክሬ ነው የጀመርኩት።"

ሱቁ ጓሮ ተቀምጦ ሬዲዮ ይጠግናል። ሬዲዮው ሲሠራ መጀመሪያ የሚወጣው ሙዚቃ ነው፤ ወንድሜ ቶሎ ብሎ ወደ ዜና ያዞረዋል። አብዱልቃኒ፣ "እንዳላማው፣ ገዢ ሲመጣ እንኳ አንድ ዘፈን ብታሰማው" ይለዋል፣ በቀልድ። "አንተ አሰማው፣ እኔ እስክትጨርስ ደጅ እወጣለሁ" ይላል፣ ይወጣልም። ከአዲስ አበባ የድሮ ጓደኞቹ ሁለት ጊዜ መጥተው ሆቴል ቤት እንዲጫወት ለመኑት፤ ጥሩ ባንድ አቋቁመው ነበር። ምሳ ጋብዞ ሸኛቸው። እኔ ተቆጥቻለሁ፣ አልቅሻለሁ። "ጋሼ፣ እማዬ ይሄን አትወድም" ብዬዋለሁ። "ሰው ግን ያየዋል" ነው መልሱ።

እውነትም ሰው አየው። ሱቅ የመጣ ገበሬ ጥቁሩን ያያል፣ ይጠይቃል፣ ይነገረዋል። ፊልሙም ተበጣጥሶ ከገበያ ጠፋ፤ ወንድሜ ግን ጥቁሩን ለብሶ እዚያው ነው። ቀስ እያለ ወሬው ዞረ። "ይሄ ልጅ ይሄን ሁሉ የተወው በውሸት አይሆንም" ማለት ጀመሩ። "ሴትየዋ አልዘፈነችም አሉ፤ መኪና ነው ያዘፈናት" ማለት ጀመሩ። እኔንም አማኑኤል ስሄድ ውሃ ላይ መስደብ ተዉኝ፤ እንስራዬን አሸከሙኝ።

አዝናለሁ ያለው ዓመት ሁሉ ሲሞላ እትዬ ወለተ ኢየሱስ የመጨረሻ ልጃቸውን ሊድሩ ነው። ጥር ላይ ራሳቸው ደብረ ማርቆስ መጡ። ነጭ ጋቢ ይዘውለት መጥተዋል።

"እንዳላማው፣ በቃ። አገሩ አምኗል። አሁን ማንም በየብርጓል ስም አይስቅም። ይቺን ልበስና ልጄን አንተ ነፍተህ ዳርልኝ።"

እንዳላማው ጋቢውን ተቀብሎ ጉልበታቸውን ሳመ። "እሺ እትዬ" አለ።

እሳቸው እንደሄዱ የሳክስፎኑን ሳጥን ከአልጋ ሥር አወጣ። ነሐሱ ደብዝዟል፤ ወለወለው። መቀመጫ ላይ ተስተካክሎ አፉ ላይ አደረገው። ነፋ። ትንፋሽ ብቻ ወጣ። ደግሞ ነፋ፤ እንደ ጥጃ ያለ ድምፅ ወጣና ተሰበረ። "ተወው፣ ነገ ይመጣል" አልኩት። በነጋታውም ሞከረ፣ ሰርጉ እስኪደርስ ሞከረ። ከንፈሩ ደሙ እስኪመጣ ነፋ። በኋላ አስቀመጠውና፣ "ሽታ፣ ይሄ ነገር በየቀኑ ካልያዙት ይሄዳል፤ ከንፈሬ ሄዷል" አለኝ። እንደ ተራ ነገር ነው የተናገረው። እኔ ወጥቼ ጓሮ አለቀስኩ።

ሰርጉ ላይ ነጩን ጋቢ ለብሶ ሄደ። እትዬ ወለተ ኢየሱስ ባዶ እጁን አይተው አልጠየቁትም፤ ወስደው ከጭብጨባው መሐል አቆሙት። አንዲት አሮጊት፣ "ይቺ የየብርጓል ናት፣ ነፍሷን ይማር" ብለው አነሱ፤

የኛ ሚዜ ኩሩ ጫማ አድርጎ መጣ፣
እግሩ ሲገባበት ጣቱ በፊት ወጣ።

ሰዉ ሳቀ። የእናቴ ስም ዳስ ውስጥ ሲጠራ ማንም ፊቱን አላዞረም። ወንድሜ ከተቀባዮቹ ጋር ቆሞ ያጨበጭባል። አንዱ ጎረምሳ ጠጋ ብሎ፣ "ጋሼ፣ እርስዎ ሙዚቃ ያውቃሉ ይባላል፤ እውነት ነው?" አለው።

"ድሮ" አለ እንዳላማው፣ ማጨብጨቡን ሳያቆም።